አስራ ሁለት ወገብ

ሰኞ፣ የካቲት 3

ዛሬ ምንም የለም። ሒሳብ ሁለት ክፍለ ጊዜ፣ ከዚያ ስፖርት፣ ከዚያ ዝናብ። ስፖርት ላይ እንደ ልማዴ "እግሬን አሞኛል" ብዬ ዳር ተቀመጥኩ። የስፖርት ቲቸር "አንቺ ልጅ፣ ይሄ እግርሽ ሰኞ ሰኞ ብቻ ነው እንዴ የሚያመው?" አለኝ። ምን ልበለው? የሚያመኝ ቁምጣው ነው ልበለው?

ከትምህርት በኋላ እማ ሱቅ። እማ ልብስ ሰፊ ናት። ሱቋ ከቤታችን ፊት ለፊት ነው፤ አንድ በር፣ ሁለት የስፌት መኪና፣ አንድ ትልቅ መስታወት። እኔ ለመስታወቱ ጀርባዬን ሰጥቼ ቁልፍ እተክላለሁ። እማ አንድ ቀን "ይሄ መስታወት ምን አደረገሽ?" ብላኝ ነበር። "ብርሃኑ ከዚህ ይሻላል" አልኳት። ብርሃኑ ግን ከዚያ ነው የሚመጣው...

አስራ ስድስት ዓመቴ ነው። ቁመት አንድ ሜትር ከሰባ አራት። ትከሻ አይጣል ነው። ክፍል ውስጥ ቁምሳጥን ነው የሚሉኝ። ያወጡልኝ ወንዶቹ ናቸው፣ ያጸደቁት ግን ሴቶቹ። እኔም ሲጠሩኝ "አቤት" እላለሁ። ለምን አቤት እላለሁ ግን?

እራት ፓስታ። ሁለቴ ጨመርኩ። ከዚያ ጨመርኩ ብዬ ተናደድኩ። ከዚያ ተኛሁ።

ረቡዕ፣ የካቲት 5

ዛሬ ነገር አለ። ደግ ነገር ነው... በጣም ደግ ነገር።

ትምህርት ቤታችን የተከፈተበት አርባኛ ዓመት ሊከበር ነው። ቅዳሜ፣ የካቲት 22። የሙዚቃ ክበቡ ይዘፍናል፤ አስራ ሁለት ሴቶች ነን። የሙዚቃ ቲቸር ራሱ አዲስ ዘፈን ደርሷል። መጨረሻው ላይ "ንጋት" የሚል ቃል አለ። "ጋ" ላይ ተይዞ እስከ ስምንት ይቆጠራል፣ ትንፋሽ መውሰድ የለም። የሚይዘው አንድ ሰው ብቻ ነው። ቲቸር ኪቦርዱ ላይ አጎንብሶ ጀርባውን ሰጠን። "ተራ በተራ። ፊታችሁን ማየት አልፈልግም፣ ጆሮ ይበቃኛል" አለ።

ፎቶ አምስት ላይ አለቀባት። ፎቶ የምንላት ስልክ ባየች ቁጥር አንገቷን ስለምታጣምም ነው። ቆንጆ ናት፣ መካድ አይቻልም። ምስማር ሦስት ላይ ሳቀች። ምስማር ጓደኛዬ ናት፣ ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ፤ ከቅጥነቷ የተነሳ ነው ስሟ። "ቁምሳጥን ያለ ምስማር አይቆምም" ትላለች ሁልጊዜ፣ እጄን ይዛ።

እኔ የኋላው ረድፍ፣ የመጨረሻዋ። ዓይኔን ጨፈንኩና ጀመርኩ። ስምንት አለፈ። ዘጠኝ። አስር።

ቲቸር ሳይዞር "ይቺ ማናት?" አለ።

"ቁምሳጥናችን ናት" አለች ምስማር።

"እንግዲህ ፊት ትቆማለች።" አለቀ። በቃ። እንዲህ በቀላሉ።

እየሮጥኩ ገባሁ። እኔ... እየሮጥኩ፣ በመንገድ፣ ሰው እያየኝ። "ብቻዬን ልዘፍን ነው!" ስል እማ መኪናውን አቆመችና "የምን ብቻ?" አለችኝ። "ብቻዬን እማ፣ ማይክ ፊት።" አፏ ላይ እስፒል ስለያዘች መሳቅ አልቻለችም፣ ዓይኗ ብቻ ሳቀ። ከዚያ እስፒሎቹን አንድ በአንድ አወጣችና ግንባሬን ሳመችኝ።

አሁን አልጋዬ ላይ ነኝ። ፊት ማለት ግን... ፊት ነው። አራት መቶ ሰው። አራት መቶ ሰው ድምፅ አያይ። ታዲያ ምኔን ሊያይ ነው?

አርብ፣ የካቲት 7

አዲስ ልብስ ልንለብስ ነው። የምትሰፋው ደግሞ እማ ናት። ርዕሰ መምህሯ ራሳቸው ጨርቁን አስይዘው ሱቅ ድረስ መጡ፤ ውኃ ሰማያዊ፣ ሲነኩት የሚሸሽ። "ለአስራ ሁለት ልጅ ልክ ልኩን ነው፣ ትርፍ የለውም" አሏት። እማ በጣቷ አሸት አደረገችውና "ጨርቁ ትርፍ ከሌለው ልኩም ስህተት አይፈቅድም ማለት ነው" አለች።

ፎቶ ሥዕሉን አመጣች። ወገቡ ጥብቅ፣ ከታች ሰፊ። "እትዬ፣ ወገቡ ጥብቅ ይበል፣ በጣም" አለቻት ለእማ። ሥዕሉ ላይ ያለችው ልጅ ወገቧ የእርሳስ ያህል ነው። አንጀት የላትም ይሆናል።

ከዚያ እማ የራሷን ሜትር አንገቴ ላይ አጠለቀችልኝ። ጫፉ የተበላ፣ ቁጥሩ የደበዘዘውን። "ትምህርት ቤት ሆነሽ ለኪልኝ። ሱቅ ድረስ አስራ ሁለቱም እስኪመጡ ጊዜ የለኝም። አንቺ ትለኪያለሽ፣ እኔ እቆርጣለሁ።"

ሜትሯን ለማንም ሰጥታ አታውቅም። ለአክስቴ እንኳ።

ሰኞ፣ የካቲት 10

ዛሬ ጉድ ሠራሁ። ጥሩ ጉድ ይሁን መጥፎ እንጃ...

የዕቃ ክፍሉን ዘግቼ አንድ በአንድ አስገባኋቸው። መጀመሪያ ፎቶ። ወገብ 66። "ስንት ነው?" አለችኝ። ነገርኳት። ፊቷ ወረደ። ፎቶ እኮ ናት... የሷ ፊት ይወርዳል ብዬ አስቤ አላውቅም።

"60 በይው።"

"ልብሱ እኮ በጻፍኩት ነው የሚሰፋው።"

"እስከዚያ እቀንሳለሁ። አስራ ሁለት ቀን አለኝ። በሞቴ።"

ጻፍኩላት። ስትወጣ ጉንጬን ሳመችኝ። ፎቶ ስማኝ አታውቅም። በር ላይ ለምትጠብቀዋ ምን እንዳለቻት ባላውቅም ያቺም ገብታ "ለኔም" አለች። ከዚያ ሌላዋ። ከዚያ ሌላዋ። አራት ቀንሺልኝ፣ አምስት ቀንሺልኝ፣ ዳሌዬን ግን ተይው፣ ኧረ እሱንም ቀንሺው። አስር ሰው በአንድ ቀን በሞቴ ሲል እምቢ ይባላል? ሁሉም ሳቅ እያሉ ነው የወጡት። እኔም እንደ ሐኪም ነገር ሆንኩ። የነካሁት ሁሉ ሲቀጥን።

መጨረሻ ምስማር ገባች። በሩን ራሷ ዘጋችው።

"ለኔ ጨምሪልኝ።"

"ምኑን?"

ደረቷን አሳየችኝ። "እዚህ። አምስት።" ቀልድ መስሎኝ ልስቅ ስል ዓይኗን አየሁት። ውኃ ሞልቷል። በየቀኑ ምነው እንደሷ በሆንኩ እያልኩ የምቀናባት ልጅ... ጨመርኩላት።

"አሁን እኔን ለኪኝ" አልኳት። ለካችኝ። "88።" "78 በይው።" ጻፈች። ከዚያ "አንቺ ትቀንሻለሽ፣ እኔ እጨምራለሁ፣ መሐል ላይ እንገናኛለን" አለች። ወለሉ ላይ ተቀምጠን እስኪያመን ሳቅን።

ማክሰኞ፣ የካቲት 11

ምሳዬን ለምስማር ሰጠኋት። ሁለት ሰው ምሳ በላች። እቅዱ ሥራ ጀምሯል።

ሐሙስ፣ የካቲት 13

እማ ቆረጠች።

ከትምህርት ስመለስ ጨርቁን ጠረጴዛው ላይ ዘርግታ፣ ጠመኔ ይዛ፣ ደብተሩን እያነበበች ነው። "60፣ 61፣ 60፣ 60... እነዚህ ልጆች ከአንድ እናት ነው እንዴ የወጡት?"

"እኩያ ናቸዋ። ይመሳሰላሉ።"

በመነጽሯ አናት አየችኝ። "እርግጠኛ ነሽ?"

"እርግጠኛ ነኝ።"

"አስር ጊዜ ለክተሽ አንድ ጊዜ ቁረጪ ነው። እኔ ያልለካሁትን ቆርጬ አላውቅም። ዛሬ ባንቺ ቃል ነው የምቆርጠው።"

ያን ጊዜ መናገር ነበረብኝ። ምላሴ ላይ መጥቶ ነበር። ግን ምን ልበል? የአስር ሰው ምስጢር... ምስጢሩስ ይቅር፣ የራሴን እንዴት ልበል? "ቁረጪ" አልኳት። መቀሱ ኸርርር ብሎ ሄደ።

የኔን መጨረሻ አስቀረችው። "78 ነኝ" አልኳት ሳትጠይቀኝ። "አይቻለሁ" አለች። ደብተሩን ዘጋችው።

ሆዴ ጮኸ። ሰማችው። "ምሳ በልተሻል?" "እንዴታ።"

ቅዳሜ፣ የካቲት 15

ስድስቱ አልቀው ተሰቅለዋል። ሱቁ ገና ሲገባ ሰማያዊ ነው። ከበሩ ሲነፍስ ስድስቱም ይነቃነቃሉ፣ እኔም አብሬ። ስምንት ቀን እንኳ አልቀረም፣ ሰባት ነው።

ቀበቶዬ አንድ ቀዳዳ ገባ። አንድ ቀዳዳ ማለት ሁለት ሳንቲ ሜትር ነው። ስምንት ይቀረኛል። በሰባት ቀን? ውኃ ብቻ ብጠጣስ?

መታጠቢያ ቤት ገብቼ "ንጋት"ን ሞከርኩ። ስድስት ላይ ተንቀጠቀጠ። ብርድ ነው።

ሰኞ፣ የካቲት 17

ብርድ አይደለም።

ልምምድ ላይ አምስት። ደገምኩ፣ አራት። ዓይኔ ላይ ጥቁር ነጥብ ነገር መጣ፣ ኪቦርዱን ያዝኩ። ቲቸር መጫወቱን አቆመ።

"ሆድሽ የት ሄደ?"

ከኋላ ሳቁ። እሱ ግን የምሩን ነው። "ምን ያስቃል? ድምፅ ከጉሮሮ የሚወጣ መስሏችኋል? ከሆድ ነው። አየር ስትስቢ ሆድሽ ወደ ፊት ይውጣ። ባለፈው እንደዚያ ነበር የዘፈንሽው፣ ሳላይሽም አውቄዋለሁ። አሁን ግን ስበሽ ዘግተሽዋል። በዚያ ላይ ፊትሽ ገርጥቷል። ቁርስ በልተሻል?"

ኪቦርዱን ለቅቄ ቀጥ ብዬ ቆምኩ።

ወደ ጥግ ጠራኝና ድምፁን ዝቅ አድርጎ "ሐሙስ እንደገና እሰማሻለሁ። ስምንት ካልሞላ ለፎቶ እሰጣታለሁ። እንዳትቀየሚኝ፣ ዘፈኑ መጨረሻውን ካጣ ምንም አይደለም" አለኝ።

ፎቶ ሰምታለች። "እኔ እኮ አልፈለግኩትም" አለችኝ በር ላይ። ፀጉሯን እያስተካከለች።

ቤት እስክደርስ ያሰብኩት ይሄን ነው። ሆዴን ላውጣ? በጠባብ ልብስ፣ በአራት መቶ ሰው ፊት፣ ሆድ? ባላወጣው ደግሞ "ንጋት" ይሄዳል። የኔ እኮ ነው። ማንም ሳያየኝ የመረጠኝ ነገር ነው... በሕይወቴ የኔ የምለው አንድ ነገር ቢኖር እሱ ነው። ለፎቶ ስሰጠው አስቤ አለቀስኩ፣ አልዋሽም።

ማክሰኞ፣ የካቲት 18

የልብስ መሞከሪያ ቀን። ሁላችንም ሱቅ መጣን። እማ መጋረጃ ዘርግታ አስራ ሁለቱንም በተራ ሰቅላ ጠበቀችን።

ፎቶ ቀድማ ገባች። ከዚያ "እትዬ፣ ዚፑ አልሄድ አለ።" እማ ገባች። ሳበች። "ተንፍሺ እስኪ።" ዚፑ ወገቧ ላይ ደርሶ ቆመ፣ ወይ ፍንክች። ሁለተኛዋ ገባች፣ እንዲሁ። ሦስተኛዋ ስፌቱ ጠጠጥ ሲል ሁላችንም ሰማን። አራተኛዋ ጭራሽ ከትከሻዋ አልወርድ አለ። አስሩም። አስሩም ጠበባቸው። ማንም አልቀነሰም ነበር። ማን በስምንት ቀን ይቀንሳል? የምስማር ደግሞ ደረቷ ላይ ተንቦርቅቆ ቀረ። እጇን አጣምራ ከመጋረጃው ጀርባ አልወጣም አለች።

እማ ሜትሯን አንገቷ ላይ ታዞራለች፣ ታዞራለች።

ከዚያ የኔ ተራ። ገባሁ። ዚፑ እንደማይሄድ አውቄ ለመሳብ ሳልሞክር ቆምኩ። እማ ከኋላዬ መጥታ ሳበችው።

ሄደ።

እስከ ላይ። ሽር ብሎ። የትም ሳይዝ፣ የትም ሳይጨንቅ። መጋረጃውን ስገልጥ መስታወቱ ፊት ለፊቴ ነው፣ መሸሻ የለም... እና ያማረባት ረጅም ልጅ አየሁ። ሰማያዊ የለበሰች። አንዲት ሰከንድ ብቻ፣ እኔ መሆኔ እስኪገባኝ።

ከዚያ ፎቶን ሰማኋት። "ለራሷ በልኳ ጻፈች። እኛን አጃጅላ ለራሷ በልኳ።"

"አይደለም..." ስል ሁሉም እያወሩ ነው። አንዷ "ብቻዋን እንድታምር ነው" አለች። ምስማር እንኳ ቀሚሴን ከላይ እስከ ታች አየችው። የኔን 78 የጻፈችው እሷ ናት። ግራ ገብቷታል። እኔም ግራ ገብቶኛል። ልብሳቸውን ጥለው ወጡ።

ያው ማክሰኞ፣ አመሻሽ

ለእማ ሁሉንም ነገርኳት። ከ66 እስከ በሞቴ።

ጨርሼ ጠበቅኩ። ትቆጣለች ስል "ውሸትና ስንቅ እያደር ይቀላል" አለች፣ ለራሷ በሚመስል ድምፅ። ቁጣ ይሻል ነበር።

"የኔ ግን ለምን ሆነኝ?"

"ያንቺን በደብተሩ አልቆረጥኩም። የመጀመሪያ ቀሚስሽን የሰፋሁት እኔ ነኝ፣ ከዚያ ወዲህም ሌላ ሰው ሰፍቶልሽ አያውቅም። 78 ያልሽኝ ለት ሳቄ መጥቶ ነበር። ዞሬ ሳይሽ ግን አንጀቴን በላሽው።"

"ለምን ዝም አልሽኝ ታዲያ?"

"ትነግረኛለች ብዬ ጠበቅኩሽ። የሌሎቹን ግን በዓይኔ አላውቃቸውም። ልጄ ለክታለች ብዬ አምኜ ቆረጥኩ።"

ይሄኛው ነው ያስለቀሰኝ።

አስለቅሳኝ ስታበቃ ዳቦና እንቁላል አቀረበችልኝ። "ጨርቁ አልቋል። ግን መላ አይጠፋም። ከመጋረጃ ሥራ የተረፈኝ ቢጫ ጣቃ አለ፣ ጎንና ጎኑ ላይ በቁመቱ ይገባል። ለዚያ እውነተኛ ልክ እፈልጋለሁ። እስከ ነገ። ልጆቹን እንዴት እንደምታሳምኚ እኔ አላውቅም፣ አንቺ ታውቂያለሽ።"

እንቁላሉን ጨረስኩት። ዳቦውንም።

ረቡዕ፣ የካቲት 19

ሆነ። ሆነ። ሆነ።

ልምምድ ከመጀመሩ በፊት ክበቡ ክፍል ሁሉም አሉ። ሲያዩኝ ወሬ አቆሙ። ደብተሩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩት። "የኔን አንብቡት።" ፎቶ አነበበች። "78።" "እና?" አለች አንዷ።

ሹራቤን አወለቅኩ። ሜትሩን ለፎቶ ሰጠኋት። "ለኪኝ። ጮክ ብለሽ።"

"እኔ?"

"አንቺ።"

ያን ጊዜ ሆዴን መሳብ እችል ነበር። ስድስት ዓመት ሙሉ ስስብ የኖርኩ ልጅ ነኝ፣ ሳላስበው ነው የማደርገው። ለቀቅኩት። ሜትሩ ዞሮ ገጠመ። ፎቶ ቁጥሩን አየችና በሹክሹክታ ነገረችኝ።

"ጮክ አልኩሽ።"

"ሰማንያ ስምንት።"

ጠበቅኩ። ምን እንደምጠብቅ ግን አላውቅም። ማንም አልሳቀም። ጣሪያው ያው ነው። መስኮቱም ያው። ሰማንያ ስምንት፣ ተሰማ፣ በቃ። "እማ የቆረጠችው በዓይኗ ነው፣ በዚህ አይደለም" አልኳቸው። "እኔም እንደናንተ ዋሽቻለሁ፣ እንዲያውም ከሁላችሁ በላይ፤ አስር ነው የቀነስኩት።"

ፎቶ ሜትሩን በሁለት እጇ ዘረጋችው። ከዚያ ራሷ ላይ አዞረችው። "እኔ 66 ነኝ" አለች፣ ለግድግዳው። ከዚያ ዞር ብላ "60 የነበርኩት ስድስተኛ ክፍል ነው" አለች። አንዷ ፍርፍር ብላ ሳቀች። ከዚያ ሁላችንም። ሜትሩ ከእጅ ወደ እጅ ሄደ። 71። 69። 80። ቁጥር በተጠራ ቁጥር ያጨበጭባሉ። ለምን እንደሚያጨበጭቡ የሚያውቅ የለም። ምስማር ጠረጴዛ ላይ ወጥታ "ደረቴ 74 ነው፣ የቀረው ተስፋ ነው" ስትል ቲቸር በሩን ከፈተ። ከፈተና መልሶ ዘጋው።

ስንወጣ ስለ ቢጫው ጣቃ ነገርኳቸው፤ ፎቶ "ያንቺ ላይም ቢጫው ይግባ" አለችኝ። "ፊት የምትቆመው ብቻዋን ሰማያዊ ከለበሰች እኛ የተጠገንን እንመስላለን።"

እማ ስትሰማ እጇን ወገቧ ላይ አደረገች። "ልኳ የሆነን ልብስ ፍቺልኝ የምትል ደንበኛ ገና ዛሬ አየሁ።"

ፈታችው።

ሐሙስ፣ የካቲት 20

ቁርስ ሁለት እንቁላል፣ ዳቦ፣ ሻይ። ምሳ የራሴን። ምስማር ሳህኔን አይታ ቅር አላት፣ ለምዳ ነበር።

ቲቸር ሰማኝ። እጄን ሆዴ ላይ አድርጌ አየር ሳብኩ፣ ሆዴ እጄን ገፋው... እስከ ዘጠኝ። ቲቸር እንደ ልማዱ አልተገረመም። "ሆድሽ ከየት ተገኘ?" አለኝ።

"እዚሁ ነበር።"

ከዚያ ሱቅ። አስራ ሁለታችንም። ርዕሰ መምህሯ የከሰዓቱን ትምህርት ፈቀዱልን። ወለሉ ላይ ተቀምጠን ስፌት ፈታን፣ ክር ለቀምን፣ እማ ሰፋች። ብዙ የቀነሰች ሰፊ ቢጫ ይገባላታል፣ ትንሽ የቀነሰች ጠባብ፤ የምስማር ብቻ ደረቱ ተሰብስቦ ለወጉ ቀጭን ቢጫ ይገባል። ስለዚህ ማን ስንት እንደዋሸ ከሩቅ ይታያል። ፎቶ በክንዷ ለክታ "የኔ የውሸት ስፋት ይሄን ያህላል" እያለች ስታሳይ እማ መኪናውን አቁማ ሳቀች። የኔን ከሁሉም ሰፊ አድርጉልኝ አልኳት። "ልብስ ነው ወይስ ድንኳን?" ብላ ግን አደረገችልኝ። ስለብሰው በአንድ ትንፋሽ እስከ አስራ አንድ መያዝ እችላለሁ። ቆጥሬዋለሁ።

በጣቴ ላይ ሰባት ቦታ መርፌ ወግቶኛል። ደስ ሲል።

ቅዳሜ፣ የካቲት 22

ከየት ልጀምር...

አዳራሹ ጢም ብሏል። ከመጋረጃው ቀዳዳ አየሁና ባላየሁ አልኩ። ምስማር እጄን ጭምቅ አድርጋ "እኔ ከኋላሽ ነኝ" አለችኝ። "አንቺ ከኋላዬ ሆነሽ ማን ያይሻል" አልኳት። እየተሳሳቅን ወጣን።

መብራቱ ፊት ላይ ሲመጣ ሰው አይታይም። ይሄን ማንም አልነገረኝም። ሰው ግን ይሰማል። ከኋላ ወንበር አንድ የወንድ ድምፅ "ቁምሳጥን" አለ፣ ረዘም አድርጎ። ሳቅ መጣ። ብዙ አይደለም፣ ግን መጣ። ሆዴ ወዲያው ወደ ውስጥ ገባ። በራሱ። ትከሻዬም ወረደ። ቲቸር መጫወት ጀምሯል። ልጆቹ ጀምረዋል። ሁለት መስመር፣ ሦስት፣ አራት... የኔ ሊደርስ ነው፣ እኔ ገና ሆዴን ይዣለሁ።

በዚህ ሁኔታ አራት ነው የሚወጣው። አራት ላይ ተቆርጬ አራት መቶ ሰው ፊት ልቆም ነው። መምረጥ ነበረብኝ፣ ጊዜውም አንድ ትንፋሽ ነው። ይዩታ፣ አልኩ። ለቀቅኩት። አየሩ እስከ ታች ገባ፣ ቀሚሱ አብሮኝ ወደ ፊት መጣ፣ ቦታ ነበረው።

"ንጋ..."

ስምንት ሲሞላ አላቆምኩም። ማቆም አላስፈለገኝም። ቲቸር ቀና ብሎ አየኝ፣ ጣቱን አንስቶ መልሶ አኖረ፣ ጠበቀኝ። አስር። አስራ አንድ። ድምፄ ግድግዳው ደርሶ ሲመለስ ሰማሁት። "...ት" አልኩ። ከዚያ ወንበር ሁሉ ተንኳኳ፣ ሰው ተነሳ።

ሆዴ ትዝ ያለኝ ከመድረክ ከወረድኩ በኋላ ነው። ያን ሁሉ ሰዓት ረስቼው ነበር።

ልብሱንም ወደዱት። ቢጫው ስንዞር ብልጭ ይል ነበር አሉ። ርዕሰ መምህሯ ማይክ ይዘው "የሰፋችልን እናት ወደ መድረክ ትምጣልን" አሉ። ሁላችንም አጨበጨብን። አልመጣችም። ሁለተኛ ጠሩ። የለችም። ካውያውን ልታነሳ ሄዳ ይሆናል አልን።

ሰኞ፣ የካቲት 24

ስፖርት። ቁምጣ። ሮጥኩ። ቲቸር "እግርሽ ዳነ?" አለኝ።

ከትምህርት በኋላ ሱቅ። እማ ትሰፋለች። "ቅዳሜ ሲጠሩሽ የት ነበርሽ?" አልኳት።

"ከመጋረጃው ጀርባ ነበርኩ። ስትዘፍኚ ሰምቼሻለሁ፣ አንድም አላመለጠኝ።"

"ታዲያ ለምን አልወጣሽም?"

ክሩን በጥርሷ በጠሰች። "ተይ እስኪ። ሃያ ዓመት ቁጭ ብዬ የሰፋሁ ሴትዮ፣ ይሄን ገላ ተሸክሜ ያ ሁሉ ሰው ፊት ልቁም? ለመሆኑ ምን ለብሼ?"

መንደሩን ሁሉ ያለበሰች ሴት ናት። የራሷን አስታወስኩ... ሽርጥና ሰፋፊ ነገር። አብረን የተነሳነው ፎቶ ሁሉ ላይ እሷ ከኔ ጀርባ ናት፣ ጭንቅላቷ ብቻ ይታያል። እንዴት አላየሁትም? አብረን ነው እኮ የምንኖረው።

በሩን ዘጋሁ። ሜትሩን ከአንገቷ ላይ አወጣሁት።

"ቁሚ።"

"ሥራ አለብኝ፣ አትቀልጂ።"

"እማ፣ ቁሚልኝ።"

ቆመች። ዓይኗን ወደ በሩ አድርጋ፣ እንደ ልጅ። ሜትሩን ወገቧ ላይ ሳዞር ትንፋሿን ያዘች። እኔም ይዤ ጠበቅኩ። መጨረሻ ላይ ሳቋ አመለጣትና ሜትሩ እጄ ውስጥ ተንሸራተተ።

"ስንት ነው?"

"104።"

"100 በይው፣ ማን ያየዋል።"

"እኔ" አልኳት። 104 ብዬ ጻፍኩ። ደረት፣ ዳሌ፣ ትከሻ፣ ሁሉንም እየጠራሁ ጻፍኩ። ትከሻዋ የኔ ነው። ልክ የኔን ያህል ነው፣ በአንድ ሳንቲ ሜትር እንኳ አንለያይም። "ካንቺ ነው ያመጣሁት" ስላት መስታወቱን አየች፣ ሁለታችንንም ጎን ለጎን፣ ቆየት ብላ።

ጠመኔውን አነሳሁ። "ቀለሙስ?" አልኳት። ቡኒ ትላለች ብዬ ቡኒውን ጨርቅ ከመደርደሪያ ማውረድ ጀምሬ ነበር።

"ቀይ" አለች።